ከደጃፋችን እስከ አጥሩ በር ስንት እፎይ ነው?

ባለፈው ዓመት ቤቴን ላሳድስ ብዬ አንድ መሐንዲስ ዘንድ ሄጄ ነበር። ሰውዬው ከመደርደሪያው ሥር አቧራ የጠጣ የፕላን ጥቅልል አወጣና ጠረጴዛው ላይ ሲዘረጋው፣ አፍንጫ የሚሰነፍጥ፣ ዓይን የሚያስለቅስ ሽታ ቢሮውን ሞላው። የአሞንያ ሽታ ነው። "ይቅርታ፣ የድሮ ማተሚያ ወረቀት ነው፤ አሁንማ እንዲህ ያለውን የሚያትምም የለ" አለኝና መስኮቱን ሊከፍት ተነሣ። "ይተዉት፣ አይክፈቱት" አልሁት። ወደ ወረቀቱ ጎንበስ ብዬ አሸተትሁት። ከዚያ በኋላ ስለ ቤቴ ግድግዳ ምን እንዳለኝ አላስታውስም። እኔ ደብረ ታቦር ነበርሁ፤ ክረምት ነበር፤ እቴ የሺም አልጋዋ ላይ ተቀምጣ፣ ያንኑ የሚሸት ወረቀት ጉልበቷ ላይ ዘርግታ አገር ትሠራ ነበር።

አባቴ በግብርና መሥሪያ ቤት የመሬት ልኬት ሠራተኛ ነበሩ። ሰዉ "ባለሜትሩ" ይላቸዋል። በቆዳ ማኅደር የተጠቀለለ የብረት ሜትር ከወገባቸው አይለይም፤ ለቅሶ ቤት እንኳ ይዘውት ሲገቡ አይቻለሁ። አብረን መንገድ ስንሄድ "እስቲ ከዚህ እስከዚያ ባሕር ዛፍ ስንት ሜትር ይመስልሻል?" ይሉኝና መልሴን ሳይጠብቁ ራሳቸው ይመልሳሉ። የተበላሸ ፕላን ከቢሮ ሲጣል ጠቅልለው ወደ ቤት ያመጡታል። ፊቱ የሰው ማሳና የሰው ድንበር ነው፤ ጀርባው ግን ባዶ ነው። በከፊሉ እናቴ መደርደሪያ ታለብስበታለች፤ የቀረው የእኔና የእቴ የሺ ነው።

እቴ የሺ የአባቴ ታናሽ እህት ናት። ወላጆቻቸው ቀድመው ስላለፉ ያሳደጓት አባቴ ናቸው፤ "ጋሽዬ" ብላ ነው የምትጠራቸው። አሥራ ሁለተኛ ክፍል እንደጨረሰች ለመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ወደ ስማዳ ገጠር ወርዳ፣ ዓመቱን ገበሬዎች ፊደል ስታስቆጥር ከርማ፣ ሰኔ ላይ ተመለሰች። ስትሄድ ጉንጯ ሙሉ ነበር። ስትመለስ አንገቷ ረዝሞ፣ ነጠላዋ ትከሻዋ ላይ አልቆም ብሎ እየተንሸራተተ ነበር። እዚያ ሳለች ጉልበቷ አብጦ እንደነበር ነገረችን። ጎረቤቱ ሁሉ "ብርድ ነው" አለ። እናቴ በየጠዋቱ ፌጦ እየበጠበጠች ታጠጣት፣ ጉልበቷን በኑግ ዘይት ታሻት ጀመር። ሳምንት ሳይሞላ እቴ የሺ "ድኛለሁ፣ ምንም የለብኝ" አለች። ሁሉም አመኗት። የመምህራን ማሠልጠኛ ገብታ አስተማሪ ለመሆን ተመዝግባ ስሟ እስኪወጣ ትጠብቅ ነበር፤ የምትፈልገውም እሱን ብቻ ነበር።

ያ ዘመን ስኳር በቀበሌ ሱቅ በሰልፍ የሚታደልበት፣ እሑድ ጠዋት ለስብሰባ ጡሩምባ የሚነፋበት፣ ከአንዱ ከተማ ወደ ሌላው ለመሄድ መሸኛ የሚጠየቅበት ዘመን ነው። ለእኔ ግን ትምህርት ቤት የተዘጋበት፣ ዝናቡ ከቆርቆሮው ላይ የማይወርድበት፣ ሙሉ ቀን ከእቴ የሺ ጋር የምውልበት ክረምት ነበር። ሦስተኛ ክፍልን ጨርሼ ነበር።

አገሪቱ የተፈጠረችው እንዲህ ነው። ዝናቡ አላስወጣን ብሎ ስነጫነጭ፣ እቴ የሺ ከጥቅልሉ አንድ ወረቀት መዝዛ ጀርባውን ገለበጠችና "ነይ፣ አገር እንሥራ" አለችኝ።

"የምን አገር?"

"ታቦርን ከኋላ ጀምረሽ አንብቢው።"

"ር... ቦ... ታ።"

"እሷ ናት። ርቦታ።"

ርቦታ ውስጥ ቀን ተኝቶ ውሎ ሲመሽ የሚፈስ ወንዝ አለ። ጆሮ ያለው ተራራ አለ፤ በእግሩ ሥር የሚያልፍ ሰው ሁሉ ሐሜቱን አቋርጦ ዝም ብሎ ያልፋል። ድምፅ የሚሸጥበት ገበያ አለ፤ የዶሮ ጩኸት በቅል፣ የሕፃን ሳቅ በብርሌ ይቸረቸራል፣ ነጎድጓድ በስልቻ ይሸጣል። እቴ የሺ ትሥላለች፤ እኔ ምን እንደሚጨመር እናገራለሁ። የምትሥልበት እርሳስ አባቴ ከቢሮ ያመጡት፣ ምራቅ ሲነካው ሐምራዊ የሚሆን ዓይነት ነበር። ጫፉን ምላሷ ላይ ነካ እያደረገች ነው የምትሠራ።

"ርቦታ ውስጥ ቀበሌ አለ?" ብዬ ጠየቅኋት አንድ ቀን።

ወደ በሩ ዞር ብላ አየች። "የለም" አለችኝ ዝቅ ባለ ድምፅ። "ግን እንዲህ ብለሽ ለሰው እንዳትናገሪ።"

ከዚያ ቀን ጀምሮ የርቦታ ነገር ሁሉ የመንግሥት ምስጢር መሰለኝ።

አባቴ ከሥራ ሲገቡ ካርታውን አነሡና ወደ ብርሃን አቀረቡት። "እጅሽስ ጥሩ ነው" አሏት። "ግን ልኬት የለውም። ልኬት የሌለው ሥዕል ነው እንጅ ካርታ አይባልም።" ወረቀቱን መለሱላትና እግራቸውን ሊታጠቡ ሄዱ። እቴ የሺ አልተከራከረቻቸውም፤ ወረቀቱን እያገላበጠች አሰበች።

በነጋታው ዝናቡ ጋብ ሲል እኔና እሷ ወጣን። ከደጃፋችን እስከ አጥሩ በር ያለው መንገድ ትንሽ ሽቅብ ነው፤ ድንጋይ ተነጥፎበታል። መንገዱን ልንጨርስ ስንል እቴ የሺ የበሩን ምሰሶ ያዘች። ዓይኗን ጨፈነች። "እፎይ" አለች።

"ምነው?" አልኋት።

ዓይኗን ገልጣ መጀመሪያ ያየችው እናቴ ወዳለችበት ማድ ቤት ነበር። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች። "እየለካሁ ነው" አለችኝ።

"ምኑን?"

"ርቦታን። ርቦታዎች ሜትር አያውቁም። ሰው ከተነሣበት እስከሚያርፍበት የሄደው መንገድ አንድ እፎይ ይባላል።" ትንፋሿ ገና አልተመለሰም ነበር፤ እየቆራረጠች ነው የተናገረችው። "ከደጃፉ እስከ በሩ ስንት ሆነ?"

"አንድ እፎይ!"

"በይ እንግዲህ ግቢና ጻፊ።"

በዚያ ቀን ግቢያችን በሙሉ ርቦታ ሆነ። ደጃፉ የባሕሩ ዳር፣ የአጥሩ በር ጆሮ ያለው ተራራ፣ ጓሮ ያለው የውኃ ጉድጓድ የሚተኛው ወንዝ። ወረቀቱ ላይ አንድ እፎይ በእኔ ክንድ ርዝመት ይሣል ተባባልን። እሷ ትሄዳለች፣ እኔ ከኋላ እከተላለሁ፣ እሷ ስትቆም እኔ እቆጥራለሁ። እናቴ ከማድ ቤት ብቅ ብላ "ምን ትሠራላችሁ በጭቃ?" ስትለን ሁለታችንም በአንድ አፍ "አገር እንለካለን" እንላለን። እናቴ ራሷን ነቅንቃ ትመለሳለች።

አባቴ ነገሩን በሰሙ ጊዜ ሳቁ። "በአንች ትንፋሽ የተለካ መሬት ማን ይረከበዋል?" አሏት ራት እየበላን። ከዚያ ሥራቸው ላይ የገጠማቸውን ነገሩን። በአንድ የገበሬ ማኅበር ማሳው በበጋ በገመድ ተለክቶ ነበር። ክረምት ላይ ደግመው ሲለኩት መሬቱ ሰፍቶ ተገኘ። አንዱ ሌላውን "ድንበሬን ገፍተሃል" ብሎ ዱላ ሊማዘዙ ደረሱ። "ቆሜ ሳይ ገመዱ ዝናብ ጠጥቷል። ገመድ ሲርስ ያጥራል። መለኪያው ሲያጥር ቁጥሩ ይበዛል፤ መሬቱ የሰፋ ይመስላል። መሬቱማ ምን ይሆናል፣ እዚያው ነው" አሉ። የብረት ሜትራቸውን መታ መታ አደረጉት። "ስለዚህ ነው ይህን የምይዘው።"

"ጋሽዬ፣ ርቦታ ውስጥ ድንበር የሚገፋ የለም" አለቻቸው እቴ የሺ። ሁላችንም ሳቅን።

ሐምሌ ገባ። ዝናቡ ባሰ። በአንዱ ቀን ከደጃፉ እስከ በሩ ስንለካ እቴ የሺ ከበሩ ሳንደርስ ቆመች፤ የእናቴ ልብስ ማጠቢያ ድንጋይ ላይ እጇን አሳርፋ "እፎይ" አለች። ከዚያ ቀጥላ በሩ ጋ ደረሰች። ሁለት እፎይ! በደስታ ዘለልሁ። ተራራው ራቀ ማለት ነው። አሮጌው ወረቀት ስላልበቃን ሌላ ወረቀት በዱቄት ሙጫ ቀጠልንበት። ሰንበት ብሎ ደግሞ ቀጠልን። ከዚያም ደግሞ። ግድግዳው ላይ ሲሰቀል ከአልጋው ራስጌ እስከ መስኮቱ ደረሰ። የጎረቤት ልጆች የወንድሞቻቸውን ኳስና የአባቶቻቸውን ጠመንጃ ሲያወሩልኝ፣ እኔ "የኛ አገር በየቀኑ ይሰፋል" እላቸዋለሁ። በየቀኑ የሚሰፋ አገር ያለው ልጅ ማን ነበር?

ሌላም ነገር አስተውል ነበር፤ ሁሉንም ግን ለርቦታ ሰጠሁት። እቴ የሺ ጋደም ብላ መተኛት ተወች። ትራሶቹን ሁሉ ሰብስባ ከጀርባዋ ትደረድርና ተቀምጣ ታንቀላፋለች። ለምን እንደሆነ ስጠይቃት "የርቦታ ንግሥት ተቀምጣ ነው የምትተኛው፤ ጋደም ካለች ባሕሩ ይገባባታል" አለችኝ። ጫማዋ እምቢ አላት፤ የእናቴን ሰፊ ነጠላ ጫማ ማድረግ ጀመረች። አንድ ቀን አጠገቧ ቁጭ ብዬ ሳለሁ እግሯን በአውራ ጣቴ ጫን አልሁት። ሊጥ እንደተጫነ ጎድጉዶ ቀረ። ደንግጬ ጣቴን አነሣሁ። ጉድጓዱ ቀስ ብሎ ሞላ። እቴ የሺ ፊቴን አየችና "ሐይቅ ነው" አለች። "የርቦታ ሐይቆች እንዲህ ናቸው። ይጎደጉዳሉ፣ ይሞላሉ።" እርሳሱን ወሰድሁና ካርታው ላይ ሁለት ሐይቅ ሣልሁ፤ አንዱን በግራ፣ አንዱን በቀኝ። ከንፈሯም ሐምራዊ እየሆነ ሄዶ ነበር። እርሳሱን ስለምትልሰው መሰለኝ።

ስኳር ሲመጣ እናቴ ወደ ቀበሌ ሱቅ ትልከናለች። መንገዱ ዳገት ነው። እቴ የሺ መንገድ ላይ ከምታገኘው አዋቂ ሁሉ ጋር ቆማ ሰላምታ ትለዋወጣለች። "እንዴት ሰነበቱ? ልጆቹ ደህና ናቸው? ከብቱስ? የዘንድሮ ገብስ እንዴት ነው?" ትላለች። ሰው መልስ እስኪሰጣት በትዕግሥት ትቆያለች፤ የአማቱን ጤና የሚነግራት ካለማ እስኪጨርስ ታዳምጣለች። ጎረቤታችን እማማ ጥሩወርቅ እናቴን "ይህች ልጅ ከዘመቻ መልስ እንዴት ያለ ሥርዓት ይዛ መጣች! ሳትጠይቀኝ አታልፍም እኮ" አሏት። እናቴ ኮራች። እኔ ደግሞ ሰላምታ በተሰጠ ቁጥር በሆዴ አንድ እፎይ እደምራለሁ።

የፍልሰታ ጾም በተፈታ ሳምንት አባቴ ከሥራ ሳይመሽ መጡ። በዝናብ ርሰው፣ ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው፣ ደጃፉ ላይ ቆመው "የሺ! ስምሽ ወጣ!" አሉ። የማሠልጠኛው ጥሪ ነው። መስከረም መግቢያ ላይ እንድትገኝ ይላል። እናቴ እልል አለች። እቴ የሺ ሁለት እጇን ፊቷ ላይ አድርጋ ቆየች፤ ስታነሣቸው እየሳቀች ነበር።

እሑድ ምሳ ዶሮ ተሠራ። አባቴ የሥራ ባልደረባቸውን አቶ ደምሴን ጠሩ። አቶ ደምሴ ሳቂታ፣ ልጅ የሚወዱ ሰው ናቸው። ከበላን በኋላ አባቴ "የእህቴን የእጅ ሥራ ላሳይህ" ብለው ካርታውን ከግድግዳው አውርደው ወለሉ ላይ ዘረጉት። አቶ ደምሴ ቁጢጥ ብለው አዩና "ይህ ሁሉ የማን ግዛት ነው?" አሉኝ።

ምስጢሩን ልጠብቅ ትንሽ ሞከርሁ። አልቻልሁም። "የኛ ነው። ርቦታ ይባላል። ክረምቱን ሙሉ ሲሰፋ ነው የከረመ። ከዚህ ባሕር እስከዚህ ተራራ መጀመሪያ አንድ እፎይ ብቻ ነበር፤ አሁን አምስት ሆኗል!"

አቶ ደምሴ ከት ብለው ሳቁ። "ጎበዝ! ያለ ጦርነት አገር ማስፋት!"

አባቴ አልሳቁም። "ባሕሩ የት ነው?" አሉኝ።

"ደጃፋችን።"

"ተራራውስ?"

"የአጥሩ በር።"

አባቴ ወለሉ ላይ ተንበረከኩ። ወረቀቱ የተቀጠለባቸውን ቦታዎች አንድ በአንድ በጣታቸው ዳሰሱ። ከዚያ ቀና ብለው እህታቸውን አዩዋት። "የሺ" አሉ ቀስ ብለው። "ገመዱ ነው ያጠረው?"

እቴ የሺ ዓይኗን ወደ መሶቡ መለሰች።

"የምን ገመድ?" አለች እናቴ። አባቴ ተነሥተው እጃቸውን ዘረጉ። "ነይ፣ አብረን እስከ በሩ እንሂድ።"

እያካፋ ነበር። እኛ ደጃፉ ላይ ቆመን አየናቸው። ሁለቱ ጎን ለጎን ሄዱ፤ እቴ የሺ ቆመች፤ አባቴ ቆሙ። ሄዱ። ቆሙ። ነጠላዋ ተንሸራቶ ጭቃ ላይ ወደቀ፤ ለማንሣት ጎንበስ አላለችም። አባቴ አንሥተው ትከሻዋ ላይ መለሱላት። በሩ ጋ ሲደርሱ አንድ ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። እኔ ሮጬ ደረስሁባቸው።

"ለምን ሳትነግሪኝ ቀረሽ?" ይሏታል።

"ብነግራችሁ ትለቁኛላችሁ?" ትንፋሿ እስኪመለስ ቆየች። "ጋሽዬ፣ አስተማሪ ልሆን ነው እኮ። ዘንድሮ ካለፈኝ ማን ሁለተኛ ይጠራኛል?"

"ጥቁር ሰሌዳው ጋ ሳትደርሽ ማንን ልታስተምሪ ነው?"

"እደርሳለሁ። ቀስ ብዬ እደርሳለሁ።"

አባቴ ከጎኗ ድንጋዩ ላይ፣ ዝናቡ ውስጥ ተቀመጡ። ሲያለቅሱ አይቼ አላውቅም ነበር። "የሰው ማሳ ስለካ እውላለሁ" አሉ። "ግቢዬን አልለካሁም።"

እቴ የሺ ያን ቀን አላነጋገረችኝም። የአገሪቱን ምስጢር ለአቶ ደምሴ ስላወጣሁ የተቆጣችኝ መሰለኝ።

በማግስቱ አባቴ ከቀበሌ መሸኛ አወጡ፤ እህል የሚጭን መኪና ሹፌር ጋቢናውን ሊሰጣቸው እሺ አለ። ወደ ጎንደር ሆስፒታል ሊወስዷት ነው። ስትሄድ ግንባሬን ሳመችኝና እርሳሱን እጄ ውስጥ አስቀመጠችልኝ። "እስክመጣ ካርታው ላይ ምንም እንዳትጨምሪበት" አለችኝ። ከኩርፊያዋ በኋላ ያገኘሁት የመጀመሪያ ቃል ስለነበር በደስታ አንገቴን ነቀነቅሁ። መኪናው በሩን አልፎ ሲሄድ ጆሮ ካለው ተራራ ጀርባ የገባች መሰለኝ።

በዚያው ሳምንት እናቴም አልተቀመጠችም። አንድ ቀን አውቶቡስ ተሳፍራ ጣራ ገዳም ደርሳ፣ ጠበል በጀሪካን ይዛ ተመለሰች። ጀሪካኑን እቴ የሺ አልጋ ሥር አስቀመጠችው።

አባቴ ብቻቸውን ተመለሱ። ጺማቸው አድጓል። ገና ቁጭ ሳይሉ እናቴ ፊት ለፊታቸው ቆማ ጠበቀች። "አለች" አሉ። "ሐኪሞቹ አስተኝተዋታል። ልቧ ውስጥ በር አለ ይላሉ፤ ደሙ ካለፈ በኋላ የሚዘጋ። እሱ ተበላሽቷል። በልጅነቷ የያዛትና በዘመቻው የተመለሰባት የጉሮሮና የጉልበት ሕመም ነው አሉ ያበላሸው። ደሙ እየተመለሰባት ነው።"

"በር ከሆነ አናጢ አይሠራውም?" አልሁ።

አባቴ ራሴን ዳበስ አደረጉኝ። "እንዲህ ያለ አናጢ እዚህ አገር ገና የለም" አሉኝ። "ግን መድኃኒት አለ።"

ከሰዓት በኋላ ካርታውን እንዳወርድላቸው ጠየቁኝ። ጠረጴዛው ላይ ዘረጉት። ማስመሪያቸውን አወጡ፣ እርሳስ ቀረጹ፣ ለቢሮ ሥራ እንደሚጠነቀቁት ተጠንቅቀው በግርጌው ጥግ ላይ መስመር አሠመሩ። ከአጠገቡ በዚያ በሚያምር የቢሮ ጽሕፈታቸው "ልኬት በእፎይ" ብለው ጻፉ። ከሥሩ ሦስት መስመር ነበር፤ ረጅሙ "በሰኔ"፣ አጠር ያለው "በሐምሌ"፣ ከሁሉ አጭሩ "በነሐሴ"።

"አባባ፣ እፎይ ልኬት አይደለም ብለው አልነበር?"

"ብዬ ነበር።" ማስመሪያውን አነሡ። "መቼ እንደተለካ ከተጻፈ ልኬት ነው።"

እቴ የሺ የተመለሰችው ጥቅምት ላይ፣ ሰማዩ ጠርቶ ገብሱ ከቢጫ ወደ ነጭ ሲለወጥ ነው። ከስታ ነበር፤ ግን ሐይቆቹ ከእግሯ ጠፍተዋል፤ የራሷን ጫማ አድርጋለች። በየቀኑ የምትውጠው ክኒን ይዛለች፤ በየወሩ የምትወጋው መርፌ አለ። ማሠልጠኛው ያለሷ ከተጀመረ ቆይቷል። ስለሱ የጠየቃት ሰው አልነበረም፤ እሷም አላነሣችውም። የመጣች ዕለት ማታ ግን ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ፣ ጋደም ብላ ተኝታ፣ ትከሻዋ ሲንቀጠቀጥ አይቻለሁ። እኔ ያየሁት ጋደም ብላ መተኛቷን ነበር። ንግሥቲቱ ደንቧን ስታፈርስ ዝም አልኋት።

ጠዋት "እንለካ" አልኋት። ከደጃፉ ተነሣች። ማጠቢያው ድንጋይ ጋ ደረሰች፤ ልቆጥር አፌን ከፈትሁ፤ አለፈችው። እየሄደች ነው። አባቴ ለሥራ ሊወጡ ባርኔጣቸውን አድርገው ነበር፤ ቆሙ። እናቴ ከማድ ቤት በዱቄት እጇ ወጣች። እቴ የሺ በሩ ጋ ደረሰችና ዞር አለች። ደረቷ ከፍ ዝቅ ይላል፤ ግን ምሰሶውን አልያዘችም። እናቴ በዱቄት እጇ አፏን ያዘች።

እኔ ግን ማልቀስ ጀመርሁ። ተራራው ተመልሶ እዚህ መጣ። ያ ሁሉ ወረቀት፣ ያ ሁሉ ሙጫ፣ ያ ሁሉ አገር በአንድ እፎይ አለቀ። "ርቦታ ጠበበች!" እያልሁ አፈሩ ላይ ተቀመጥሁ። እቴ የሺ መጥታ አጠገቤ ቁጭ አለች። "ተያት፣ ትጥበብ" አለችኝ። "ሰፊ ሳለች አልተመቸችኝም።" ምን ማለቷ እንደሆነ አልገባኝም፤ እያባበለችኝ እንደሆነ ብቻ ገባኝ። አባቴ ያን ቀን ሥራ አርፍደው ሄዱ።

ሐኪሞቹ በየቀኑ በደልዳላው መንገድ ትንሽ ትንሽ እንድትራመድ አዝዘዋት ነበር። ኅዳር ላይ በየማለዳው በጋፋት በኩል ባለው የእግር መንገድ አብሬያት እወጣ ጀመር። በቀበሌው አዳራሽ ጎልማሶችን እንድታስተምር ተጠይቃ እሺ ብላ ነበር፤ ከሰዓት በኋላ ስለሆነ ጠዋቱ የእኛ ነው። ጭድ የጫኑ አህዮች ያልፋሉ። ከመንገዱ በታች ሰዎች ገብስ ያጭዳሉ።

አንድ ቀን ከወትሮው ራቅ ብለን ሄድን። ከርቦታ ካርታ ውጭ፣ ስም ያላወጣንለት ቦታ ላይ፣ እቴ የሺ ቆመችና አንድ የድንጋይ ካብ ጫፍ ላይ ተቀመጠች።

"አንድ..." ብዬ ጀመርሁ።

እጇን አፌ ላይ አደረገች። "አትቁጠሪ። ዛሬ አገር አንለካም። ደክሞኝ ነው ያረፍሁት።"

ከዚያ በፊት ደክሞኛል ስትል ሰምቻት አላውቅም። አጠገቧ ተቀመጥሁ።

አንድ ሽማግሌ ገበሬ ማጭድ ይዘው፣ ነዶ ተሸክመው በመንገዱ መጡ። ሲያዩን ቆሙ። "ምነው ልጄ፣ በማለዳ ተቀመጥሽ፤ አሞሻል እንዴ?" አሏት።

እቴ የሺ ስለ ከብታቸው አልጠየቀቻቸውም። ስለ ገብሱም አልጠየቀችም። ቀና ብላ አየቻቸው። "አዎ አባቴ፣ ልቤን ያመኛል" አለች። "አረፍ እያልሁ ነው የምሄደው።"

"እግዜር ይማርሽ" አሉ። ሊያልፉ መስሎኝ ነበር። ነዷቸውን ከጀርባቸው አውርደው መሬት አስቀመጡና፣ ጉልበታቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ከካቡ ሌላው ጫፍ ላይ ቀስ ብለው ተቀመጡ። "እኔም ይኼ ጉልበቴ አላስኬድ ብሎኛል" አሉ ለእሷ። እሷ ፈገግ አለች። ፀሐይዋ ጀርባችንን እያሞቀችው ነበር። ሦስታችን ከታች የሚያጭዱትን እያየን፣ ማንም ሳይነሣ፣ ብዙ ቆየን።